መኪናው ቸርችል ላይ ቆመብኝ፤ ማርሽ ይገባል፣ አይሄድም! ልግዛው ወይስ ቮልሱን?

የፒያሳው ልጅ (ጠያቂ)፦
ሰላም ቤተሰብ፣ ቶሎ ድረሱልኝ። አሁን ቸርችል ጎዳና ላይ ነኝ፣ ከፖስታ ቤት ከፍ ብሎ። ልገዛው የነበረ አሮጌ ኮሮላ እየሞከርኩ ነበር። ዳገቱን በሁለተኛ ማርሽ ስወጣ ከስር «ጓ!» አለና ቆመ። ሞተሩ ይሠራል። ማርሽ ይገባል። የግራ እግሩን ፔዳል፣ ፍሪሲዮኑን፣ ስለቅ ግን ንቅንቅ አይልም። ባለቤቱ አጠገቤ አለ። «ክሮቸራ ናት፣ ቀላል ነው፣ ቀሪውን ክፈለኝና አሠራዋለሁ» ይላል። 20,000 ብር ቀብድ ሰጥቻለሁ። ካዛንቺስ ደግሞ አንድ አዛውንት ቮልሳቸውን ሊሸጡልኝ እስከ ነገ ይጠብቁኛል። ምን ላድርግ? ለአሮጌ መኪና የቱ ይሻላል፣ በፊት ጎማ የሚሄድ፣ በኋላ ጎማ የሚሄድ፣ ወይስ ቮልስ? አባቴ ኮሮላ ነበረው። ልቤ እሱ ላይ ነው።

ላዳ ነበረኝ፦
ፍሪሲዮን ነው ወንድሜ። ከሞተሩ ጋር እየተጣበቀ ጉልበት የሚያስተላልፈው ሸራው አልቋል። እኔንም እዚያው ቸርችል ላይ አቁሞኛል። ሸራ ቀይርና ንዳ።

ሹፌሯ፦
ከሁሉ በፊት አንድ ነገር። ዳገት ላይ ነህ። ማርሽ ውስጥ ከትተህ «ይይዝልኛል» ብለህ እንዳትወርድ። ከካምቢዮ፣ ማለትም ከማርሽ ሳጥኑ፣ እስከ ጎማ ባለው መስመር ላይ የሆነ ነገር ከተቆረጠ፣ ማርሽ መኪናውን አይዝም። የእጅ ፍሬኑን ሳብ። ጎማዎቹ ስር፣ በቁልቁለቱ በኩል፣ ትልልቅ ድንጋይ አድርግ። ከዚያ ተመልሰህ ጻፍልን።

የፒያሳው ልጅ፦
እውነትሽን ነው። የእጅ ፍሬኑ ደካማ ነው፣ ትንሽ ይንሸራተት ነበር። ሁለት ድንጋይ አደረግን። እግዜር ይስጥሽ እህቴ።

ቀልደኛው ጎረቤት፦
ቸርችል ላይ ከቆመማ ምን ችግር አለ? አዙረው፤ ያለ ቤንዚን ለገሃር ያደርስሃል!

ሹፌሯ፦
ቀልዱ ይቆየን። እንዳትሞክረው። ማርሹ ካልያዘ ቁልቁለቱን የሚይዝልህ የእግር ፍሬን ብቻ ነው። መኪናው ደግሞ ገና ያላወቅኸው አሮጌ መኪና ነው። ታች ሕዝብ አለ።

ጋሼ ማርሽ፦
ልጄ፣ «አሮጌ ኮሮላ» ብቻ ብለህ መልስ አታገኝም። ኮሮላ አንድ መኪና አይደለም። እኛ ዲኤክስ የምንለው በ1979 እ.ኤ.አ. የወጣው ትውልድ ነው። ሞተሩ ፊት ነው፣ የሚገፋው ግን የኋላ ጎማ ነው። በ1983 እ.ኤ.አ. የተተካው ትውልድ ሲመጣ ሴዳኑ ወደ ፊት ጎማ ዞረ። ስሙ አንድ ነው፤ ከስር ያለው ሥራ ግን ሌላ ነው። ስለዚህ ቦኔቱን ክፈት። ሞተሩ ከፊት ወደ ኋላ ርዝመቱን ይዞ ከተቀመጠ የኋላ ነው። ጎን ለጎን ከተጋደመ የፊት ነው።

የኋላ ከሆነ ጉልበቱ ረጅም መንገድ ይጓዛል። ከሞተር ወደ ፍሪሲዮን፣ ወደ ካምቢዮ፣ ከዚያ በመኪናው ሆድ ስር በሚሄደው ረጅም ዘንግ፣ በካርዳኑ፣ ጉልበቱን ለሁለቱ የኋላ ጎማዎች ወደሚያካፍለው ዲፈረንሻል። ከዲፈረንሻል ግራና ቀኝ በሚወጡት ዘንጎች፣ በሴሚያሶቹ፣ ወደ ጎማ። ክሮቸራ የሚባለው ካርዳኑ ጫፍና ጫፍ ላይ ያለው መስቀል ነው። አንዱ ከተቆረጠ ሁሉም ይቆማል።

ለምን ሁሉም ይቆማል? ብዙ ሰው የሚስተው እዚህ ላይ ነው። ዲፈረንሻል ጉልበቱን ለቀለለው ወገን ይለቅቃል። የግራው ሴሚያስ ቢሰበር፣ ግራው ባዶውን ይዞራል፤ ደህነኛው የቀኝ ጎማ አንዳች አይደርሰውም። የፊት ጎማ መኪናም ላይ እንደዚሁ ነው። ስለዚህ አንድ ዘንግ ተሰብሮ መኪናው ፈጽሞ ላይንቀሳቀስ ይችላል።

አሁን ሙከራው። ድንጋዮቹ እንዳሉ ይሁኑ። አንተ ፍሬን ረግጠህ ያዝ፣ አንደኛ ማርሽ አስገባና ፍሪሲዮኑን በቀስታ ልቀቅ። ባለቤቱ ከእግረኛው መንገድ ላይ ዝቅ ብሎ በጎን በኩል ካርዳኑን ይይ። ማንም ከስር እንዳይገባ! ካርዳኑ ካልዞረ ችግሩ ፍሪሲዮን፣ ካምቢዮ ወይም የፊተኛው ክሮቸራ ነው። ጎማው ቆሞ ካርዳኑ ከዞረ፣ ከካርዳኑ በኋላ ያለ ነገር ተቆርጧል።

ሰነድ አንባቢ፦
ይቅርታ፣ ግን ጥያቄው ራሱ ትክክል አይመስለኝም። የፊት ይሁን የኋላ፣ ስለ ዕድሜ ጠገብ መኪና ስትጠይቅ የመጀመሪያው ጥያቄ ሰነድ ነው። ሊብሬው ላይ ያለው የሻንሲ ቁጥርና የሞተር ቁጥር መኪናው ላይ ካለው ጋር ይመሳሰላል? ዕዳና እገዳ ተጣርቷል? ሞተር የተቀየረበት ስንት አሮጌ መኪና አለ! ውልና ማስረጃ ሳትሄድ ቀሪ ገንዘብ የሚባል ነገር አትክፈል።

ስለ ቀብዱም ልንገርህ። በፍትሐ ብሔር ሕጋችን፣ በ1952 ዓ.ም. በወጣው፣ ቀብድ የሰጠ ሰው ውሉን ቢተው ቀብዱን ያጣል፤ የተቀበለው ቢተው እጥፉን ይመልሳል። ስለዚህ ተናደህ «ትቼዋለሁ» እንዳትል። ሻጭ ከጉድለት ነፃ የሆነ ዕቃ የማስረከብ ግዴታ አለበት። ጉድለቱ ምን እንደሆነ በጽሑፍ ይዘህ፣ ምስክር ይዘህ ተነጋገር።

ላዳ ነበረኝ፦
ሸራ ነው። ሸራውን ቀይር።

የቮልስ ወዳጅ፦
ቮልሱን ውሰድ! ሞተሩ ከኋላ ነው፣ ክብደቱ የሚገፉት ጎማዎች ላይ ያርፋል። ስለዚህ ክረምት ላይ ኮብልስቶን ዳገት ሲሆን መሬት ይቆነጥጣል። ካርዳን የለው፣ ራዲያተር የለው። በአየር ነው የሚቀዘቅዘው። ፍሪሲዮን ለመቀየር ሞተሩን ከካምቢዮ የሚይዙት አራት ብሎኖች ናቸው፤ ሞተሩ ከኋላ ወርዶ ይወጣል። ከ21 ሚሊዮን በላይ ተሠርቷል። የመጨረሻው ሜክሲኮ ውስጥ በ2003 እ.ኤ.አ. ነው የወጣው።

ግን እወደዋለሁና እውነቱን ልንገርህ፤ ጥንቃቄ ይፈልጋል። ዘይቱ 2.5 ሊትር ብቻ ነው። ማጣሪያው ወንፊት ብቻ ነው። ስለዚህ ዘይት በየ5,000 ኪሎ ሜትሩ፣ ቢቻል ከዚያም ቀደም ብሎ ይቀየር። የሞተሩ ቀበቶ፣ ቺንጊያው፣ ከተበጠሰ ወዲያው አቁም፤ ማራገቢያውን የሚያዞረው እሱ ነው፣ «ቤት ድረስ ልድረስ» ካልክ ሞተሩን ታጣለህ። አዛውንቱ ቤት ስትሄድ የኋላ ወንበሩን አንሣና ባትሪው የተቀመጠበትን ላሜራ እይ። ዝገት ከበላው እዚያ ነው የሚጀምረው። ደግሞ የኤሌክትሪኩን ቮልት ጠይቃቸው። ከ1967 እ.ኤ.አ. በፊት የተሠሩት ብዙዎቹ 6 ቮልት ናቸው፤ አምፖልና የሞተር ማስነሻ (ሞተሪኖ) ማግኘት ያደክምሃል። ከእንጦጦ ስትወርድ ደግሞ ኩርባ መሃል ላይ ድንገት ፍሬን አትያዝ። የጥንቶቹ የኋላ እግራቸው ስለሚታጠፍ ጭራው ይወረወራል። ከኩርባው በፊት ፍጥነት ቀንስ።

የፒያሳው ልጅ፦
አየን! ሞተሩ ወደ ርዝመቱ ነው የተቀመጠው። ሊብሬው ላይ 1982 እ.ኤ.አ. ይላል። ዲኤክስ ነው ማለት ነው። ሙከራውንም አደረግን። ካርዳኑ ይዞራል! ጎማዎቹ ግን ቆመዋል። «ኪርርር» የሚል የብረት ድምፅ ከኋላ ይሰማል። ካርዳኑ በሁለቱም ጫፍ እንደታሰረ ነው፣ አልወደቀም።

ጋሼ ማርሽ፦
ጎበዝ። እንግዲህ ክሮቸራ አይደለም። ክሮቸራው ቢሰበር ካርዳኑ በአንድ ጫፉ ተንጠልጥሎ ሲወራጭ ታየው ነበር። ሴሚያስ ነው ወይም የዲፈረንሻሉ ጥርስ።

ላዳ ነበረኝ፦
ጋሼ፣ ፍሪሲዮን ሲንሸራተትስ አይዞርም እንዴ? እኔ አሁንም ሸራ እላለሁ።

ጋሼ ማርሽ፦
አይሆንም ልጄ። ፍሪሲዮን ቢንሸራተት ካርዳኑና ጎማው አብረው ይቆማሉ። ካርዳኑ ከጎማው ጋር የተሳሰረ ነው። ጎማው ሳይዞር ካርዳኑ ከዞረ ማሰሪያው መሃል ላይ ተቆርጧል። ያንተ ላዳም በኋላ ጎማ የሚሄድ ስለሆነ፣ መካኒክህ ይህን ሙከራ ቢያደርግልህ ኖሮ ባወቅኸው ነበር።

ሰራተኛ ሰፈር፦
ስለ ፊት ጎማ ማንም አልተናገረም። ፊያት 128 ነበረኝ። በ1969 እ.ኤ.አ. የወጣ፣ ሞተሩ ጎን ለጎን ተጋድሞ ከፊት ጎማ የሚጎትት። ከሥሩ ረጅም ዘንግ ስለሌለው ውስጡ ሰፊ ነው። ዝናብ ላይ ሜዳውን ቀጥ ብሎ ይሄዳል። ዳገት ላይ ግን ክብደቱ ወደ ኋላ ስለሚሸሽ የፊት ጎማው እርጥብ ኮብልስቶን ላይ ይንሸራተታል። ባዶ ዲኤክስም ይንሸራተታል፤ ቂጡ ቀላል ነው። ግን ኋላ ሰው ሲሞላ ወይም ዕቃ ሲጫን ይሻሻላል።

የፊት ጎማ መኪና ስትገዛ መሪውን እስከ ጥግ ጠምዝዘህ ቀስ ብለህ ንዳ። «ቀጭ ቀጭ ቀጭ» ካለ ወደ ጎማው የሚገባው መገጣጠሚያ አልቋል። ሲጀመር የሚበላሸው ግን ብረቱ አይደለም፣ የሚሸፍነው ላስቲክ ነው። ላስቲኩ ሲቀደድ ግሪሱ ይወጣል፣ የአዲስ አበባ አቧራና ጭቃ ይገባል። ላስቲኩን በጊዜ የቀየረ ሰው ዘንጉን አይገዛም። የፊት ጎማውም ቶሎ ያልቃል፤ መሪውንም ጉልበቱንም እሱ ብቻ ነው የሚሸከመው።

የቮልስ ወዳጅ፦
ሁሉም አንድ ነገር ያስታውስ። አዲስ አበባ ከ2,300 ሜትር በላይ ናት። አየሩ ስስ ነው። ቤንዚንና አየር የሚቀላቅል ካርቡራተር ያለው መኪና ሁሉ እዚህ ከጉልበቱ አንድ አምስተኛ ያህል ያጣል። ካርቡራተሩ በትክክል ካልተስተካከለ ደግሞ ቤንዚን ይበዛበታል፣ ቤንዚኑን የሚለኩሰው ካንዴላ ይጠቁራል። ጉልበት ያነሰው መኪና ሁሉ የካምቢዮ ችግር አለበት ማለት አይደለም።

የፒያሳው ልጅ፦
ሻጩ አሁን «አንተ ነህ የሰበርከው፣ ፍሪሲዮን በድንገት ለቀቅክ» እያለኝ ነው። እውነት እኔ ነኝ?

ሹፌሯ፦
ድንገት መልቀቅ ደካማ ዘንግ ሊጨርስ ይችላል። ደህና ሴሚያስን ግን በሁለተኛ ማርሽ ዳገት መውጣት አይሰብረውም። ዘንጉ ሲወጣ የስብራቱን ፊት እይ። አንዱ ክፍል የጠቆረ ወይም የዛገ፣ ሌላው የሚያብረቀርቅ ከሆነ፣ ስንጥቁ ከአንተ በፊት ነበረ። ፎቶ አንሣው። ከማንም ጋር አትጨቃጨቅ፣ ብረቱ ራሱ ይመሰክራል።

ጋሼ ማርሽ፦
ልክ ነሽ ልጄ። እኔ ልጨምር። ክሬን ጥራ፣ ላይ የሚጭን ቢሆን ይመረጣል። የኋላ ጎማው መሬት ላይ እየተንከባለለ እንዳትጎትተው። በዲኤክስ ላይ ጎማውን ቦታው ላይ የሚይዘው ሴሚያሱ ራሱና የሚሽከረከርበት ኩሽኔታው ነው። ማሰሪያው ከላላ ጎማው ከነዘንጉ በጎን ሊወጣ ይችላል። ጎማውን ከላይ ይዘህ ወዝውዘው፤ የሚነቃነቅ ከሆነ በጭራሽ አታንከባልለው።

ጋራዥ ሲደርስ ሜዳ ላይ፣ በሁለቱም በኩል በጠንካራ ድጋፍ ከፍ ይበል። ሞተር ጠፍቶ ማርሽ ይግባ። የኋላውን አንድ ጎማ በእጅ አዙር። ደህና ከሆነ ሌላው በተቃራኒው ይዞራል። ካልዞረ አንዱ ሴሚያስ ተሰብሯል። ከዚያ የዲፈረንሻሉን ዘይት በንጹሕ ዕቃ ላይ ያፍስሱት። የጥርስ ቁራጭ ከወረደ ችግሩ ከባድ ነው፣ ዲፈረንሻሉ ሁሉ ይለወጣል። ዘይቱ ንጹሕ ከሆነ አንድ ሴሚያስ፣ ኩሽኔታና የዘይት መያዣ ላስቲክ ይበቃል። መለዋወጫ ወደሚሸጥበት ሶማሌ ተራ ሂድ፤ ግን የተሰበረውን ይዘህ ሂድ። ርዝመቱንና የጥርሱን ብዛት ቆጥረህ አመሳስል። በዓይን ብቻ አትግዛ።

የኔን ሐሳብ ከፈለግህ፣ ልብህ ኮሮላ ላይ ስለሆነ ኮሮላውን አትተወው። ዲኤክስን ማንኛውም ጋራዥ ያውቀዋል። ካርዳኑ፣ ዲፈረንሻሉ፣ ሁሉም ከስር በግልጽ ይታያል፣ አንድ በአንድ ይፈታል። ችግር ያለበት ክፍል ሌላውን ሳይነካ ይወጣል። ግን የጥገናው ወጪ ከዋጋው ላይ ይቀነስ፣ መኪናውም በራሱ እግር ሄዶ ካልታየ ቀሪው አይከፈል።

ሰነድ አንባቢ፦
ይህንንም በወረቀት ላይ አስፍሩት። ሁለታችሁም ፈርሙ፣ ምስክር ይፈርም።

የፒያሳው ልጅ፦
ክሬን መጣ! ላይ የሚጭን ነው። ሻጩም አሁን ቀዘቀዘ። «ጋራዥ ይታይና እንነጋገራለን» አለ። የቀኝ የኋላ ጎማ ሲወዘወዝ ትንሽ ይነቃነቃል። ጋሼ፣ እግዜር ያክብርልኝ። ባትሪዬ እያለቀ ነው፣ ማታ እጽፋለሁ።

ላዳ ነበረኝ፦
እሺ፣ ሸራ አይደለም። ይቅርታ ወንድሜ። በርታ።

የቮልስ ወዳጅ፦
አዛውንቱን ደውለህ ንገራቸው እንጂ፣ እስከ ነገ በከንቱ እንዳይጠብቁህ።

ሰራተኛ ሰፈር፦
የፒያሳው ልጅ፣ የአጎቴ ጊቢ ውስጥ የተፈታ ዲኤክስ አለ። የቀኝ ሴሚያሱ ጤነኛ ነው፣ ልፈታልህ እችላለሁ። የተሰበረውን ርዝመት ብቻ ለክተህ ላክልኝ።

ሰራተኛ ሰፈር፦
ነጋ እኮ። ምን ተገኘ? ዘንጉን አላስፈታሁም፣ ያንተን ርዝመት እየጠበቅሁ ነው።