የኮፈን መክፈቻ ካቦ ተበጥሶ ኮፈኑ አልከፈት ሲል

ጥያቄ፦ አራት ኪሎ የሚኖር አባል

ሰላም ለሁላችሁም ይሁን። የአንዲት አሮጌ ቪትዝ ባለቤት ነኝ። ትናንት ጠዋት የሞተር ዘይት ለመለካት ፈልጌ ከመሪው በታች በግራ በኩል ያለውን የኮፈን መክፈቻ እጀታ ስስብ፣ እንደ ወትሮው ከበድ ማለቱ ቀርቶ ያለ ምንም ኃይል ወደ እጄ መጣ፤ ከፊት በኩልም ኮፈኑ ሲለቅ የሚሰማው ድምፅ አልተሰማም። መኪናዋ ያለ ችግር ትነሳለች፣ ትሄዳለችም፤ ነገር ግን የዘይቱንም ሆነ የራዲያተሩን ውሃ መጠን ማየት አልቻልኩም። በሰፈራችን መንገድ ዳር የሚሠራ አንድ ሰው ኮፈኑን በብረት ፈልቅቆ እንደሚከፍተው ነገረኝ፤ እኔ ግን ላሜራው ይጣመማል ብዬ ስለሠጋሁ አልፈቀድኩም።

ላሜራው ሳይጎዳ የሚከፈትበት መንገድ ካለ እንድታስረዱኝ በትሕትና እጠይቃለሁ። እስኪከፈት ድረስስ ከአራት ኪሎ ሜክሲኮ እየተመላለስኩ ብነዳት ጉዳት ይኖረዋል? በቤቴ ያሉኝ መሣሪያዎች ፒንሳ፣ ጠፍጣፋና ባለ መስቀል ካቻቢቴ፣ 10 ቁጥር ቁልፍ እና የእጅ ባትሪ ናቸው።

መልስ፦ ተክለ ሃይማኖት አካባቢ የሚሠራ መካኒክ

ወንድሜ፣ በብረት እንዳይፈለቀቅ መከልከልዎ ተገቢ ነው። የኮፈኑ መቆለፊያ የሚገኘው ከፊት በኩል መሐል ላይ፣ ከራዲያተሩ በላይ በሚያልፈው ብረት ላይ ታስሮ ሲሆን፣ ከኮፈኑ ሥር የወጣውን ወፍራም የብረት ቀለበት ነክሶ ይይዛል። ስለዚህ ኮፈኑ ከጠርዙ ቢፈለቀቅ ላሜራው ይጎብጣል እንጂ መቆለፊያው አይለቅም፤ በመጨረሻም ለባትላሜራና ለቀለም የሚከፍሉት ገንዘብ ከካቦው ዋጋ ብዙ እጥፍ ይሆናል።

ካቦው ልክ እንደ ብስክሌት የፍሬን ካቦ ሁለት ክፍሎች አሉት፤ አንደኛው ከውጭ ያለው የማይንቀሳቀስ ሽፋን ነው፣ ሁለተኛው በሽፋኑ ውስጥ የሚንሸራተተው የብረት ሽቦ ነው። እጀታው ሽቦውን ሲስብ ሽፋኑ በሁለቱም ጫፍ በቦታው ጸንቶ መቆየት ይኖርበታል፤ የሽፋኑ ጫፍ ከማቀፊያው ከወጣ ሽቦው ሳይበጠስም እጀታው ባዶውን ሊመጣ ይችላል። ከሁሉ አስቀድመው የእጅ ባትሪውን ይዘው ከመሪው ሥር ጎንበስ ይበሉና የእጀታውን ጀርባ ይመልከቱ። ሽፋኑ ወጥቶ ካገኙት ወደ ቦታው መልሰው በጣት እንደያዙት እጀታውን መሳብ ብቻ ሊበቃ ይችላል። የፕላስቲክ እጀታው ራሱ ተሰንጥቆ የሽቦው ጫፍ ከተቀመጠበት አምልጦ ከሆነም ያው ነው፤ ካቦው ጤነኛ ስለሆነ ሽቦውን በፒንሳ መሳብ ይበቃል።

ሽቦው በእርግጥ ተበጥሶ ከሆነ ቀጣዩ ሥራ የት ላይ እንደተበጠሰ መለየት ነው፤ የአከፋፈቱ መንገድ ሙሉ በሙሉ በዚህ ላይ ይመሠረታልና። ካቦ ብዙ ጊዜ የሚበጠሰው ከሁለቱ ጫፎች በአንዱ፣ ሽቦው ዘወትር በሚታጠፍበት ቦታ ነው። ከእጀታው በኩል የሚታየውን ሽቦ በፒንሳ ነክሰው ቀስ ብለው ይሳቡት። ሽቦው አልመጣም ብሎ ከተወጠረ ከፊት ካለው መቆለፊያ ጋር እንደተያያዘ ነው ማለት ነው፤ ይህ መልካም ዜና ነው። ሽቦው ያለ ተቃውሞ እየተሳበ ከወጣ ግን ተበጥሶ የቀረው ወደ ፊት ነው፤ የወጣውን ሽቦ በመኪናው ርዝመት ላይ አስጠግተው ሲለኩት የተበጠሰበትን ቦታ በግምት ያሳይዎታል። የተበጠሰ ሽቦ ጫፍ ጣት ስለሚወጋ ጓንት ያድርጉ።

መንዳትን በተመለከተ፣ ኮፈኑ ሙሉ በሙሉ ተቆልፎ ያለ በመሆኑ በጉዞ ላይ ይነሳል ተብሎ አይሠጋም። ሥጋቱ ሌላ ነው። ዘይቱና ውሃው ሳይታዩ የሚሄድ ሞተር ቢጎድልበት የሚያስታውቀው የማስጠንቀቂያ መብራት ብቻ ነው፤ ከስታዲየም ወደ አራት ኪሎ ያለው ዳገት ደግሞ ሞተሩን ያሞቀዋል። መኪናው ባደረበት ቦታ መሬቱ ላይ የፈሰሰ ዘይት ወይም ውሃ ከሌለ፣ መብራትም ካልበራ፣ ለጥቂት ቀናት አጭር መንገድ መሄድ ይቻላል። ሩቅ አገር ግን እንዳይወጡ።

መልስ፦ የሜትር ታክሲ አሽከርካሪ፣ ካዛንቺስ

መካኒኩ በተናገሩት ላይ የምጨምረው አንድ ጉዳይ አለ። ካቦው ሳይበጠስ ረዝሞ ወይም መቆለፊያው ዝጎ አልከፈት የሚልበት ጊዜ አለ፤ በተለይ በክረምት ወራት ጭቃው ከፊት በኩል ገብቶ ከደረቀ በኋላ መቆለፊያው ይጠብቃል። በዚህ ጊዜ አንድ ሰው መኪናው ውስጥ ሆኖ እጀታውን ወይም ሽቦውን እስከ መጨረሻው ስቦ ሲይዝ፣ ሌላው ሰው ከፊት ቆሞ ኮፈኑን ከመቆለፊያው በላይ፣ ማለትም ከአርማው ከፍ ብሎ፣ በሁለት መዳፉ ወደ ታች ጫን እያደረገ መልቀቅ አለበት። ኮፈኑ ወደ ታች ሲጫን ቀለበቱ በመቆለፊያው ላይ ያለው ጫና ስለሚቀንስ ቀድሞ እንቢ ያለው ሽቦ በትንሽ ኃይል ይለቃል። መምታት አያስፈልግም፤ ላሜራው ስስ ስለሆነ በጡጫ ይሰረጉዳል። በዚሁ መንገድ የሥራ ባልደረባዬን ዲዛየር ከፍተናል፤ ለብቻ ግን የሚሞከር አይደለም፣ ሁለት ሰው ያስፈልጋል።

መልስ፦ የኮሮላ ባለቤት፣ ፒያሳ

በእኔ መኪና ላይ ሽቦው የተበጠሰው ከፊት፣ ከመቆለፊያው አጠገብ ስለነበር ከውስጥ መሳብ አልጠቀመም። የከፈትነው በፊት ፍርግርግ ክፍተት በኩል ነው። በእጅ ባትሪ እያበራን መቆለፊያውን ካየነው በኋላ፣ ሽቦው ይያያዝበት የነበረውን ትንሽ የብረት ምላስ በረጅም ጠፍጣፋ ካቻቢቴ ካቦው ወደሚስብበት አቅጣጫ ገፋነው፤ ወዲያውኑ ለቀቀ። ፍርግርጉን ፈትቶ ማውጣት ይቀላል የሚል ሰው ሊኖር ይችላል፤ ይሁን እንጂ በብዙ መኪኖች የላይኞቹ ማያያዣዎች የሚገኙት ከኮፈኑ ሥር ስለሆነ ኮፈኑ ሳይከፈት አይደረስባቸውም፤ በግድ ሲጎተት ፕላስቲኩ ይሰበራል።

መልስ፦ ተክለ ሃይማኖት አካባቢ የሚሠራው መካኒክ

የፒያሳው ወንድማችን ያሉት መንገድ ትክክል ነው፤ ሆኖም ብርቱ ጥንቃቄ ይፈልጋል። ከፍርግርጉ ጀርባ መጀመሪያ የሚገኘው የኤሲ ኮንደንሰር (ራዲያተር የሚመስለው የአየር ማቀዝቀዣው ክፍል) ነው፣ ኤሲ በሌለው መኪና ደግሞ ራዲያተሩ ራሱ ነው። ሁለቱም ከስስ አሉሚኒየም የተሠሩ በመሆናቸው የካቻቢቴ ጫፍ ቢያመልጥ ይበሳቸዋል። በካቻቢቴውና በኮንደንሰሩ መካከል ጠንካራ ካርቶን ወይም ቀጭን ጣውላ አስገብቶ መሥራት ይህን አደጋ ያስቀራል። ቁልፉም ከመኪናው ወጥቶ፣ ሞተሩ ቀዝቅዞ መሆን አለበት፤ በአንዳንድ መኪኖች የራዲያተሩ ማራገቢያ ሞተሩ ጠፍቶም ሳለ በሙቀት ምክንያት በድንገት ሊነሳ ስለሚችል ጣት ይቆርጣል።

በፍርግርጉ በኩል መቆለፊያው የማይታይ ከሆነ ሌሎች ሁለት መግቢያዎች ይቀራሉ። አንደኛው ከሥር ነው፤ ከሞተሩ በታች ያለውን መከላከያ ፕላስቲክ ፈትቶ በፓራውልቱ (በፊት የግጭት መከላከያው) እና በራዲያተሩ መካከል እጅን ወደ ላይ መስደድ ነው። ሁለተኛው በፊት ጎማው በኩል ነው፤ ካቦው በብዙ መኪኖች ከሾፌሩ እግር አካባቢ ተነስቶ በፓራፋንጎው (ከፊት ጎማው በላይ ባለው የጎን ላሜራ) ውስጥ አልፎ ወደ ፊት ስለሚሄድ፣ ከጎማው በላይ ያለውን የፕላስቲክ ከለላ ከፍቶ ካቦውን እዚያ ማግኘትና ሽፋኑን ከፍቶ የውስጡን ሽቦ ወደ ኋላ መሳብ ይቻላል። መሪው ከቀኝ ወደ ግራ የተዛወረ መኪና ከሆነ ካቦው በቀኝ ፓራፋንጎ ውስጥ ሊሆን ስለሚችል ከመፍታት በፊት ማጣራት ይገባል። መኪናው የሚነሳ ከሆነም በክሪክ ብቻ ተነስቶ ማንም ሰው ከሥሩ አይግባ፤ ክሪክ ማንሻ ነው፣ መደገፊያ አይደለም። በአራት ኪሎ እንዳለው ባለ ተዳፋት ቦታ ደግሞ ጨርሶ አይሞከርም፤ ሜዳ ቦታ ይፈለግ፣ የኋላ ጎማዎችም በድንጋይ ይታገዱ።

ጠያቂው፦

ስለ ዝርዝር ማብራሪያችሁ ከልብ አመሰግናለሁ። እጀታውን በሁለት ብሎን ታስሮ ስላገኘሁት ፈትቼ ተመለከትኩ። ሽፋኑ በቦታው ነው፤ ሽቦው ግን የተበጠሰው ከእጀታው አጠገብ ሲሆን፣ ከሽፋኑ ውጭ የቀረው ከአንድ ሳንቲ ሜትር የማይበልጥ ነው። በፒንሳ ስነክሰው ተወጥሯል፣ ይሁን እንጂ በጣም አጭር ስለሆነ ፒንሳው እየተንሸራተተ ይለቀዋል። እዚህ ላይ ምን ይሻላል?

መልስ፦ ተክለ ሃይማኖት አካባቢ የሚሠራው መካኒክ

ከሁሉ የቀለለው ዓይነት ስለገጠመዎት ደስ ብሎኛል። ሽቦውን ማስረዘም አይችሉም፣ ሽፋኑን ግን ማሳጠር ይችላሉ። የሽፋኑን ውጫዊ ፕላስቲክ ከጫፉ ጀምሮ በስለት ዙሪያውን ይቁረጡና ይላጡት፤ ከሥሩ የተጠመዘዘ የብረት ጥቅል ያገኛሉ። ጥቅሉን በፒንሳ እየፈቱ አምስት ወይም ስድስት ሳንቲ ሜትር ያህል ቆርጠው ሲያነሱት የውስጡ ሽቦ ይገለጣል። በዚህ ጊዜ ስለቱ ሽቦውን እንዳይነካ ይጠንቀቁ፤ የሽቦው ክሮች አንድ በአንድ ከተቆረጡ የመጨረሻው ተስፋ ይጠፋል። ከዚያ ሽቦውን በፒንሳው አፍ ላይ አንድ ጊዜ ጠምጥመው፣ በሌላው እጅ የቀረውን ሽፋን ወደ ፊት ገፍተው ይዘው፣ ፒንሳውን ወደ ራስዎ ይሳቡ። ሽፋኑ ካልተያዘ ካቦው በሙሉ አብሮ ይመጣል እንጂ መቆለፊያው አይሳብም። ሌላ ሰው ደግሞ የካዛንቺሱ ወንድማችን እንዳሉት ኮፈኑን ከፊት ጫን ያድርግልዎት።

ኮፈኑ ከፍ ሲል ሁለተኛው የደኅንነት መያዣ እንደያዘው ይቆያል፤ እርሱ በካቦ ሳይሆን ከፊት በጣት የሚከፈት ነው። በዚህ ሁኔታ ላይ እያለ ግን መኪናው ከቦታው እንዳይንቀሳቀስ፤ በጉዞ ላይ ያ መያዣ ቢለቅ ኮፈኑ በንፋስ ተነስቶ የፊቱን መስታወት ይመታል፣ ሾፌሩም መንገዱን ማየት አይችልም።

ጠያቂው፦

ተከፈተ! ጎረቤቴ ከፊት ሲጫንልኝ እኔ ከውስጥ ሳብኩ፤ ላሜራው አንዲት ጭረት እንኳ አልነካችውም። ዘይቱ ከዝቅተኛው ምልክት ጥቂት ከፍ ብሎ አገኘሁት፣ ወዲያውኑም ሞላሁበት። አሁን አዲሱን ካቦ እስክገዛ ድረስ ኮፈኑን እንዴት ልዝጋው?

መልስ፦ የኮሮላ ባለቤት፣ ፒያሳ

ካቦውን በሶማሌ ተራ ያገኙታል፤ አሮጌውን ካቦ ይዘው ቢሄዱ ይሻላል፣ በርዝመቱና በጫፎቹ ቅርጽ ማመሳሰል የሚቻለው እንደዚያ ሲሆን ነው። ለመኪናዎ የተሠራው ካቦ ካልተገኘ የባጃጅ ወይም የብስክሌት ካቦ የውስጥ ሽቦ በጫፉ ላይ በትንሽ ማሰሪያ ብሎን ተይዞ ለጊዜው ያገለግላል፤ ርዝመቱ መብቃቱን ግን አስቀድመው ይለኩ። አሮጌውን ከማውጣትዎ በፊት ከፊት ባለው ጫፉ ላይ ጠንካራ ሲባጎ ይቋጥሩበትና ወደ መኪናው ውስጥ ሲስቡት ሲባጎው በመንገዱ ተዘርግቶ ይቀራል፤ አዲሱንም በዚያው ሲባጎ ወደ ፊት ይመልሱታል።

መልስ፦ ተክለ ሃይማኖት አካባቢ የሚሠራው መካኒክ

እስከዚያው መዝጋት ካለብዎት፣ በመቆለፊያው የመልቀቂያ ምላስ ላይ የማይዝግ ቀጭን ሽቦ ይቋጥሩና ጫፉን ከፓራውልቱ ሥር እጅ ብቻ በሚደርስበት ቦታ ይደብቁት። በፍርግርጉ በኩል ከወጣ ለእርስዎ የሚመቸውን ያህል ለባትሪ ሌባም ይመቻል፤ በተለይ መኪናዎ መንገድ ዳር የሚያድር ከሆነ። ኮፈኑን በገመድ አስሮ መንዳት ግን ፈጽሞ አይገባም።

አዲሱ ካቦ ከገባ በኋላ ኮፈኑን ወዲያው እንዳይዘጉት። በመጀመሪያ መቆለፊያውን በብሩሽ አጽድተው ግሪስ ይቀቡት። ቀጥሎ ኮፈኑ ተከፍቶ ሳለ የመቆለፊያውን መንጋጋ በካቻቢቴ ወደ ታች ገፍተው እንዲቆለፍ ያድርጉና ከውስጥ እጀታውን ይሳቡ፤ መንጋጋው ተመልሶ መከፈት አለበት። ይህን ሁለት ሦስት ጊዜ ደጋግመው፣ እጀታው መጨረሻው ላይ ሳይደርስ መንጋጋው ሲለቅ ካዩ በኋላ ኮፈኑን ይዝጉት። እጀታው መጨረሻው ላይ ደርሶ ገና የሚለቅ ከሆነ የካቦው ሽፋን በአንዱ ጫፍ በሚገባ አልተቀመጠም ማለት ነውና ያንን ያስተካክሉ።

መልስ፦ የሜትር ታክሲ አሽከርካሪ፣ ካዛንቺስ

ሶማሌ ተራ ሲሄዱ የእጀታውንም ፕላስቲክ ይዘው ይሂዱ። የሽቦው ጫፍ የሚቀመጥበት ቦታ ተበልቶ ከሆነ አዲሱም ሽቦ በዚያው ላይ እየታጠፈ ይበጠሳል፤ ሁለቱን አብሮ መለወጥ ይሻላል።