ይሄ ጥቁር ሸክላ ቀለም ተቀብቶ ነው?

የጅማ ልጅ፦
ሰላም ለሁላችሁ። አክስቴ እዚህ ጅማ ጀበና ትሠራለች። ጭቃው ጠፈፍ ሲል ከወንዝ በለቀመችው ለስላሳ ጠጠር ስታሸው ትውላለች፣ አንገቱ ጋ ስትደርስ ትንፋሿን ዋጥ ታደርጋለች። ትናንት ቶኒ ዳ የሚባል ሠዓሊና ሸክላ ሠሪን፣ የአያቱንም ሥራዎች ስልኬ ላይ አሳየኋት። አሜሪካ፣ ኒው ሜክሲኮ ውስጥ ከሚኖሩት ነባር ሕዝቦች፣ ከፑዌብሎዎች፣ ወገን ነበሩ። ያንን እንደ መስታወት የሚያበራ ጥቁር እንስራ ስታይ «ይሄማ ቀለም ነው» አለች። እውነቷን ነው? ሰውየውስ ሥዕልና ሸክላን እንዴት አብሮ ያዘ?

ገል፦
ቀለም አይደለም፣ ጭስ ነው። አያቱ ማሪያ ማርቲኔዝና ባሏ ጁሊያን እ.ኤ.አ. በ1919 አካባቢ የደረሱበት ዘዴ ነው። እሷ ያለ መሽከርከሪያ በእጇ ታበጅና በጠጠር ትወለውለው ነበር፣ ልክ እንደ አክስትሽ። እሱ በቀጠነ ጭቃ ይስልበት ነበር። እሳቱ ደህና ሲይዝ የፈረስ ፋንድያ ይደፉበታል፣ እሳቱ አየር ያጣል፣ ጭሱ ቀዩን ሸክላ ያጠቁረዋል። የተወለወለው ያበራል፣ የተሳለው ደብዘዝ ብሎ ይቀራል።

ሠዓሊው፦
ቶኒ እ.ኤ.አ. በ1940 ነው የተወለደው። አባቱ ፖፖቪ ዳ ራሱ ሸክላ ሠሪ ነበር። ቶኒ ግን ቀድሞ ሠዓሊ ነው፣ ከባሕር ኃይል ሲመለስ አያቱ ዘንድ ሆኖ ሸክላ ተማረና የሥዕል እጁን ይዞ ገባበት። ሸክላውን በስለት እየፋቀ ይስልበት፣ ቱርኩዝ የሚባለውን ሰማያዊ ድንጋይ እንደ ፈርጥ ያስገባበት ነበር። ድብና ኤሊም ይሠራ ነበር። በ1982 ሞተር ሳይክል ላይ አደጋ ደረሰበትና ጭንቅላቱ ተጎዳ። ከዚያ ወዲያ ሸክላ ተወ። ሥዕሉን ግን ቀጠለ፣ በ2008 አረፈ። እኔ እነዚያን የመጨረሻዎቹን ሥዕሎች ሳስብ ሆዴ ይባባል።

ሐሙስ ገበያ፦
ማሪያ ስሟን እቃው ሥር ትጽፍ ነበር። ጁሊያን በ1943 እስኪሞት የሁለቱም ስም አብሮ የሚወጣባቸው ብዙ ናቸው። እኛ ግን ጀበና ስንገዛ ዋጋ ተከራክረን እንሄዳለን፣ ማን ሠራው ብሎ የሚጠይቅ የለም። እንዲያውም ሸክላ ሠሪ ተብሎ ስንቱ ተንቋል፣ ማዕድ እንኳን አብሮ እንዳይቀርብ ተደርጓል። ይሄ ያንገበግበኛል። እህቴ፣ የአክስትሽን ስም አስጽፊበት።

የጅማ ልጅ፦
ተባረኩ። ሁሉንም አነበብኩላት። የስሙን ነገር ዝም ብላ ሰማችና ስለ ፋንድያው ጠየቀችኝ። ደረቅ ነው እርጥብ?

ገል፦
ደረቅ፣ በደንብ የደቀቀ።