የአልኮል ተጠቃሚ ታካሚ የምርመራ ውጤት በየትኛው ኮድ ይመዝገብ?

ጠያቂ (የጤና መረጃ ባለሙያ፣ ባሕር ዳር)

ጤና ይስጥልኝ። የምሠራው በአንድ ሆስፒታል ካርድ ክፍል ሲሆን፣ ታካሚዎች ሲወጡ ሐኪሙ የጻፈውን የምርመራ ውጤት በአይሲዲ-10 (የዓለም ጤና ድርጅት የበሽታዎች ምደባ) ኮድ እመዘግባለሁ። ከአልኮል ጋር የተያያዙ ካርዶች ሲመጡ ግን እቸገራለሁ፤ አንዱ ሐኪም «ጠጪ ነው» ብሎ ያልፋል፣ ሌላው «አልኮል አቢዩዝ» (አልኮልን አላግባብ መጠቀም) ይላል፣ ሌላው ደግሞ «ሥር የሰደደ የአልኮል ችግር» ብሎ ይዘጋዋል።

ማንነት እንዳይታወቅ ዝርዝሩን ቀይሬ አንድ ምሳሌ ላቅርብ። ከደቅ ደሴት በጀልባ የመጣ ጎልማሳ ሆዱ ውኃ ቋጥሮ፣ ዓይኑ ቢጫ ሆኖ ይተኛል። በገባ በሦስተኛው ቀን እጁ እየተንቀጠቀጠ፣ ያለበትን ቦታ ስቶ፣ ግድግዳው ላይ ነፍሳት እንደሚታዩት ይናገራል። የመውጫ ወረቀቱ ላይ የሠፈረው ግን «የጉበት ሲሮሲስ፣ አልኮል» ብቻ ነው (ሲሮሲስ የጉበት መጠባበስና መጠጠር ነው)። ኤፍ10.1 ልበል ወይስ ኤፍ10.2? የጉበቱስ ኮድ ከአልኮሉ ጋር ይያያዛል? ኮምፒውተሩ የሚያሳየኝ የኮድ ዝርዝር ደግሞ ጥገኝነትን ስፈልግ ኤፍ10.20ን ያቀርብልኛል፤ እሱን መቀበል ተገቢ መሆኑንም እጠይቃለሁ።

መልስ 1 (የአእምሮ ሐኪም)

ጥያቄዎ ተገቢ ነው፤ ችግሩም ከካርድ ክፍሉ ሳይሆን ከእኛ ከሐኪሞች አጻጻፍ የሚነሣ ነው። በአይሲዲ-10 በኤፍ10 ሥር ያሉት ንዑስ ክፍሎች የተለያዩ ሁኔታዎችን ይገልጻሉ፤ ኤፍ10.0 ስካርን፣ ኤፍ10.1 ጎጂ አጠቃቀምን፣ ኤፍ10.2 ጥገኝነትን፣ ኤፍ10.3 መጠጥ ሲቋረጥ የሚከተለውን ሕመም፣ ኤፍ10.4 ደግሞ ይኸው ሕመም ከዲሊሪየም (ድንገተኛ የአእምሮ መታወክ) ጋር ሲመጣ ያለውን። «ጠጪ» የሚለው ቃል ብቻውን ከእነዚህ ወደ አንዳቸውም አያደርስም። ሕመም ሳይኖር የመጠጥ ልማድ ብቻ ከሆነ የሚሰጠው ዜድ72.1 ነው።

ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው ጉዳይ ኤፍ10.1 በአካል ወይም በአእምሮ ጤና ላይ የደረሰ ጉዳትን የሚጠይቅ መሆኑ ነው። ሰውየው ሰክሮ ከሚስቱ ጋር ስለተጣላ ወይም ፖሊስ ጣቢያ ስላደረ ብቻ ይህ ኮድ አይሰጠውም። ለኤፍ10.2 ደግሞ ባለፈው አንድ ዓመት ውስጥ ከስድስት መገለጫዎች ቢያንስ ሦስቱ አብረው መታየት አለባቸው፤ እነሱም ብርቱ የመጠጣት ፍላጎት፣ አጀማመርን፣ መጠንን ወይም ማቆምን መቆጣጠር አለመቻል፣ ሲያቋርጡ መታመም፣ ለቀድሞው ስሜት የበለጠ መጠን መፈለግ፣ ሌላውን ጉዳይ ችላ ማለት፣ ጉዳቱ እየታወቀ መቀጠል ናቸው።

የምሳሌዎ ታካሚ ሦስተኛ ቀን ላይ ያሳየው ነገር ዲሊሪየም ትሬመንስን (ኤፍ10.4 የሚገልጸውን ሁኔታ) አጥብቆ ያስጠረጥራል፤ ይህ ሁኔታ አብዛኛውን ጊዜ የሚከሠተው ከመጨረሻው መጠጥ በኋላ ከ48 እስከ 96 ሰዓት ባለው ጊዜ ነው። ሆኖም ሲሮሲስ ራሱ አእምሮን ሊያውክ ስለሚችል፣ ሁለቱን የሚለየው ሐኪሙ እንጂ መዝጋቢው አይደለም። ከደሴት የመጣ ሰው የመጨረሻውን አረቄ የጠጣው ጀልባ ከመሳፈሩ በፊት ሊሆን ስለሚችል፣ ሰዓቱ የሚቆጠረው አልጋ ከያዘበት ጊዜ አይደለም። የመጨረሻው መጠጥ ሰዓት በካርዱ ላይ እንዲጻፍ አጥብቄ የምመክረው በዚህ ምክንያት ነው።

መልስ 2 (በኮድ ሥራ የቆየች ባለሙያ)

ዶክተር ባሉት እስማማለሁ፤ እኔ የምጨምረው ስለ አምስተኛው አኃዝ ነው፤ ስሕተት በብዛት የሚገባው በዚያ በኩል ስለሆነ። በዓለም ጤና ድርጅት የአይሲዲ-10 ክሊኒካዊ መግለጫ ኤፍ10.20 ማለት ጥገኝነት ያለበት፣ በአሁኑ ጊዜ ግን ከመጠጥ የታቀበ ሰው ነው፤ እየጠጣ ያለው ኤፍ10.24 ይሰጠዋል። አሜሪካ ለራሷ ባዘጋጀችው ቅጂ ግን ይኸው ኤፍ10.20 ተጨማሪ ችግር ያልታየበትን ጥገኝነት የሚያመለክት ሲሆን፣ ያገገመው ኤፍ10.21 ይባላል። ስለዚህ ኮምፒውተርዎ ላይ የተጫነው ዝርዝር የየትኛው ቅጂ እንደሆነ ሳያረጋግጡ የቀረበልዎትን ቢቀበሉ፣ በየቀኑ የሚጠጣ ሰው «ያቆመ» ተብሎ ሊመዘገብ ይችላል። ማረጋገጥ ካልቻሉ ኤፍ10.2 ላይ መቆም ይሻላል።

ጉበቱን በሚመለከት፣ ሐኪሙ «በአልኮል ምክንያት የመጣ ሲሮሲስ» ብሎ ከጻፈ ኬ70.3 ነው። «ሲሮሲስ፣ አልኮል» የሚለው አጻጻፍ ግን ሁለት ነገሮችን ጎን ለጎን ከማስቀመጥ አያልፍም። ሄፓታይተስ ቢ በአገራችን ብዙ ሰው ያለበት በሽታ በመሆኑ ምክንያቱን ከግምት ተነሥተን ልናገናኝ አይገባም፤ ምክንያቱ ያልተገለጸ ሲሮሲስ ኬ74.6 ነው። ምክንያቱ አልኮል መሆኑ ከተረጋገጠም የጉበቱ ኮድ የአልኮሉን አይተካም፤ ሁለቱም ይመዘገባሉ።

ካርዱን ለሐኪሙ መልሱለት። ጥያቄው ግን መልሱን የሚጠቁም አይሁን። «ዲሊሪየም ብለው ይጻፉልኝ» ከማለት ይልቅ «በሦስተኛው ቀን በነርስ ማስታወሻ ላይ መንቀጥቀጥና መቃዠት ተመዝግቧል፤ የዚህ የምርመራ ውጤት ምንድን ነው?» ተብሎ ይጠየቅ። ሐኪሙ ጽፎ ከፈረመ በኋላ ኮዱ ይሰጣል።

ጠያቂ

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ሁለት ነገሮች ይቀሩኛል። አንዳንድ ካርድ ላይ «ኦዲት 22» ተብሎ ብቻ ይጻፋል፤ ይህን እንደ ጥገኝነት ልውሰደው? ደግሞም «ዲኤስኤም-5፣ መካከለኛ» የሚል አጻጻፍ ያጋጥመኛል።

መልስ 3 (የአእምሮ ጤና ነርስ፣ ከዘጌ)

ኦዲት አሥር ጥያቄዎች ያሉት፣ ውጤቱም ከ0 እስከ 40 የሚደርስ የልየታ መጠይቅ ነው። 8 እና ከዚያ በላይ አደገኛ አጠጣጥን ይጠቁማል፤ 20 እና ከዚያ በላይ ደግሞ ለጥገኝነት ተጨማሪ ምርመራ እንደሚያስፈልግ ያሳያል። ስለዚህ 22 የሐኪሙን ምርመራ አይተካም። በእኛ አካባቢ ደግሞ መጠኑን መጠየቁ ራሱ ጥንቃቄ ይፈልጋል፤ ታካሚው «ሁለት መለኪያ» ወይም «ሦስት ጣሳ» ብሎ ሲመልስ የአንዱ ቤት መለኪያ ከሌላው ይለያል፣ ጠላውም አንዱ ቀጭን ሌላው ጉሽ ነው። እኔ ዕቃውን በእጃቸው እንዲያሳዩኝ አደርጋለሁ፤ መጠጡ ዳግም አረቄ ከሆነም ለይቼ እጽፋለሁ።

በዚህ አጋጣሚ አንድ ነገር ላሳስብ። ጸበል ለመጠመቅ ገብቶ መጠጥ ባቆመ ማግሥት የሚወድቅ ሰው ያጋጥመናል። ካርዱ ላይ «የሚጥል በሽታ» ብቻ ተጽፎ ከመጣ ሰውየው ለዕድሜ ልክ የሚጥል በሽታ ታካሚ ሆኖ ይቀራል። ከመጠጥ ማቋረጥ የመጣ መንዘፍዘፍ መሆኑ በሐኪም ከተረጋገጠ ግን ኮዱ ኤፍ10.31 ነው፤ ሕክምናውም የተለየ ነው።

መልስ 4 (የአእምሮ ሐኪም)

ሲስተር ያነሡት እጅግ አስፈላጊ ጉዳይ ነው። ስለ ዲኤስኤም-5 ልመልስ። እ.ኤ.አ. በ2013 የወጣው ይህ የአሜሪካ የአእምሮ ሐኪሞች ማኅበር የምርመራ መመሪያ አቢዩዝና ጥገኝነት የሚሉትን ሁለት ምድቦች አንድ አድርጎ፣ በ11 መመዘኛዎች ክብደቱን ይለያል፤ 2 ወይም 3 ቀላል፣ 4 ወይም 5 መካከለኛ፣ 6 እና ከዚያ በላይ ከባድ ይባላል። በአሜሪካው ቅጂ ቀላሉ ወደ ኤፍ10.10፣ መካከለኛውና ከባዱ ወደ ኤፍ10.20 ይሄዳሉ። እኛ የምንጠቀምበት ግን የዓለም ጤና ድርጅት ምደባ ከሆነ ይህ ዝውውር በቀጥታ አይሠራም፤ «ቀላል» የተባለው ሰው በጤናው ላይ የደረሰ ጉዳት ላይኖረው ይችላልና። እንዲህ ያለው ካርድ ሲያጋጥምዎ፣ ከስድስቱ የጥገኝነት መገለጫዎች የትኞቹ እንደታዩ ሐኪሙ እንዲጽፍልዎ ይጠይቁ።

እ.ኤ.አ. ከጥር 2022 ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው አይሲዲ-11 አልኮልን በ6ሲ40 ሥር አስቀምጦ፣ ጥገኝነትን ከስድስት መገለጫዎች ወደ ሦስት ሰብስቦ፣ ከነሱም ሁለቱ እንዲገኙ ይጠይቃል። አሁን የሚመዘግቡት በአይሲዲ-10 እስከሆነ ድረስ ግን ሁለቱን በአንድ ካርድ ላይ አያቀላቅሉ።