በጂኤንኤስ3 አፕላያንስ ፋይል ላይ የገጠመኝ የቼክሰም ችግር፦ እርዳታ እጠይቃለሁ

ጤና ይስጥልኝ።

በሊኑክስ ላይ የተመሠረተ ራውተር በጂኤንኤስ3 (ኔትወርክን በኮምፒውተር ላይ አስመስሎ ለመገንባት በሚያገለግለው ፕሮግራም) ውስጥ በቀላሉ እንዲጫን የሚያደርግ የአፕላያንስ ፋይል፣ ማለትም የመጫኛ መግለጫ፣ አዘጋጅቼ፣ በጊትሀብ ላይ ላለው የፕሮጀክቱ ማከማቻ ለማበርከት እየሞከርኩ ነው። በጄሰን (በጽሑፍ የመረጃ ቅርጸት) የተጻፈው ፋይል ራውተሩን እንደ ምናባዊ ማሽን የሚያስኬደውን የኪውኢሙን ራም፣ የኔትወርክ ካርዶቹን ብዛትና የኮንሶሉን (ራውተሩን በጽሑፍ የምናዝበትን መስኮት) ዓይነት ይገልጻል፤ የማረጋገጫ ስክሪፕቱንም ያለ ስህተት አልፏል። የቴልኔት ኮንሶሉ መጀመሪያ ባዶ እየሆነ ሁለት ምሽት አድክሞኝ ነበር፤ ከርነሉ (የሊኑክሱ እምብርት) መልእክቱን በሲሪያል ወደብ እንዲያወጣ ካዘዝኩት በኋላ ግን ተስተካክሏል።

የተቸገርኩት በዲስክ ምስሉ፣ ማለትም የራውተሩን ሶፍትዌር በያዘው ፋይል ነው። ፕሮግራሙ ምስሉን የሚያረጋግጠው በኤምዲ5 ቼክሰሙ (ከፋይሉ ይዘት በሚሰላ መለያ) ስለሆነ፣ የራውተሩ አዘጋጆች በዚያው አድራሻና በዚያው ስም አዲስ ግንባታ (አዲስ የተዘጋጀ የሶፍትዌሩ ቅጂ) በተኩ ቁጥር እኔ የመዘገብኩት ቼክሰም ዋጋ ያጣል፤ ተጠቃሚውም ፋይሉን ከሰጠሁት አድራሻ አውርዶ ሳለ ምስሉ እንደጎደለ ይነገረዋል። ያልተመዘገበ ፋይል ለመጠቀም የሚያስችለውን አማራጭ አውቀዋለሁ፤ ይህን ሸክም ግን በጀማሪ ተማሪ ላይ መጣል አልፈልግም።

ያልተለወጠውን ቅጂ ራሴ በሌላ ቦታ አስቀምጬ አድራሻውን ብሰጥ ተቀባይነት ይኖረዋል ወይስ ለእያንዳንዱ ግንባታ አዲስ የስሪት መግለጫ መጨመር ይሻላል? የሶፍትዌሩ ፈቃድ ዳግም ማሰራጨትን አይከለክልም። ከዚህ በፊት ተመሳሳይ ፑል ሪኩዌስት (ለውጥ ወደ ማከማቻው እንዲገባ የሚቀርብ ጥያቄ) ያስገባችሁ ብትመሩኝ ምስጋናዬ የላቀ ነው።