ዊክሎው ዌይን የተጓዛችሁ እርዱኝ፣ ግሌንዳሎክ ላይ ቆሜያለሁ

ሰላም ወገኖች። ዊክሎው ዌይ የሚባለውን የአየርላንድ ረጅም የእግር ጉዞ መንገድ የጨረሰ ካለ እባካችሁ ይርዳኝ። ከደብሊኑ ማርሌይ ፓርክ ተነስቼ 130 ኪሎ ሜትር ገደማውን እስከ ክሎኔጋል ልሄድ ነበር ሐሳቤ። ዛሬ ሦስተኛ ቀኔ ነው። የቀኝ ጫማዬ ሶል ከፊት ተላቆ አፉን ከፍቷል። የጀመረው ጃውስ ተራራ ጎን ያለው የእንጨት መረማመጃ ላይ ነው፤ ከታች ሎክ ቴይ ሐይቅ ጥቁር ብሎ ይታያል፣ እኔ ግን ዓይኔን ከጫማዬ መንቀል አልቻልኩም። በገመድ አስሬው እዚህ ደረስኩ፣ ካልሲዬ ጭቃ በጭቃ ሆኗል።

መንገዱ አያስቸግርም፣ የሚራመደው ቢጫ ሰውዬ ምልክት ይመራል። የጨነቀኝ ከዚህ በኋላ ያለው ነው። ወደሚቀጥለው ሸለቆ፣ ወደ ግሌንማሉር፣ ለመሻገር የሙላኮር ተራራን ትከሻ መውጣት አለ፣ እዚያ ደግሞ ጫማ ቤት የሚባል ነገር የለም። ምን ይሻለኛል? በማስቲሽ አጣብቆ ይህን ያህል የሄደ ሰው አለ? ወይስ በአውቶቡስ ደብሊን ተመልሼ፣ ጫማ ገዝቼ፣ ካቆምኩበት ልቀጥል? ከግሌንማሉር ወዲያ ሙክላ በሚባለው ቦታ ያለው ክፍት የእንጨት መጠለያ ውስጥ ያደራችሁ ካላችሁም፣ ውሃ በቅርብ ይገኛል?

ማቋረጥ አልፈልግም፣ አንድ ዓመት ሙሉ የጠበቅኩት ጉዞ ነው። ነገ ጠዋት መወሰን አለብኝ።