«እስኪ ተጠየቁ» ምን ማለት ነው?

— ሰላም ቤተሰብ። የዮሐንስ አድማሱ የግጥም መድበል ርእሱ «እስኪ ተጠየቁ» ነው። «እስከሚጠየቁ ድረስ» ለማለት ነው? ስለ ገጣሚውም የምታውቁ ካላችሁ ጻፉልን።

— «ድረስ» የለበትም። እንደሱ ቢሆን «እስኪጠየቁ» ተብሎ አንድ ላይ ይጻፍ ነበር። ይሄኛው «እስኪ ንገረኝ» ስንል ያለው «እስኪ» ነው። ለብዙ ሰው የተነገረ ትእዛዝ ነው።

ግን ዝም ብሎ «መልሱልኝ» አይመስለኝም። «ተጠየቅ» የሙግት ቃል ነው። ድሮ ዳኛ ፊት የቆመ ሰው ባላጋራውን «ተጠየቅ!» ብሎ ነበር የሚይዘው። ያኛው «ልጠየቅ» ይላል። ከዚያ ወዲያ ግጥሙ፣ ተረቱ፣ ሰም ለበሱ ነገር ይወርዳል። «በላ ልበልሃ» የምንለውም ይኸው ነው። አንደበቱ ያልተፈታ ሰው እውነት ይዞ ሊሸነፍ ይችላል! ስለዚህ በኔ አነባበብ ርእሱ ጠበቅ ያለ ነው፤ ገጣሚው ሰዎቹን ችሎት አቁሟቸዋል።

ዮሐንስ ከዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ገጣሚዎች ትውልድ ነው። በ1967 ዓ.ም. ገና በሠላሳዎቹ ዕድሜ ሳለ ሞተ። መድበሉን ለኅትመት ያበቃው ወንድሙ ዮናስ አድማሱ ነው፣ በ1990 ዓ.ም.። ከሞተ ከሃያ ዓመት በላይ ቆይቶ ማለት ነው። ስሙን ብዙ ሰው የማያውቀውም ለዚህ ይመስለኛል፤ እኩዮቹ በሕይወት እያሉ ሲነበቡ የሱ ግጥም ወረቀት ላይ ቀረ።

— ጥሩ ማብራሪያ ነው፣ ተባረክ። ስለ ቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ የጻፈውስ እሱ አይደል? «ቀኝ ጌታ» እንደ ቀኛዝማች የጦር ማዕረግ ነው?

— አዎ፣ እሱው ነው። የዮፍታሔን ሕይወትና ሥራ አጥንቶ ጽፎ ነበር፤ መጽሐፉ ግን የወጣው ከግጥሞቹም በኋላ ነው።

«ቀኝ ጌታ» የጦር አይደለም፣ የቤተ ክህነት ነው። ማኅሌት ሲቆም በቀኝ በኩል ያሉት መዘምራን አለቃ ነው። የግራውን ደግሞ «ግራ ጌታ» እንላለን። ዮፍታሔ ከቲያትር ጸሐፊነቱ በፊት የቅኔ ሰው ስለነበር ማዕረጉ ይገባዋል።

— እኔ አንድ ልጨምር። «እሰጥ አገባ»ም ከዚያው ችሎት የመጣ ነው። ተሟጋቾቹ ማር ወይም በቅሎ ይወራረዱ ነበር። አሁን ውርርዱ ቀርቶ ጭቅጭቁ ብቻ ነው የተረፈን።