አልቤርቶ ኢግሌሲያስን የምታውቁ፣ እስኪ አንድ ነገር በሉኝ

ዋሽንቱ (ደብረ ማርቆስ)፦
እንዴት ዋላችሁ ወገኖች። ዋሽንትና ክራር እጫወታለሁ፤ አብዛኛው ሥራዬ ሠርግ ነው። አሁን አንድ ጓደኛዬ ጎዛምን ላይ አጭር ፊልም ቀርጾ ሙዚቃውን ሥራልኝ አለኝ። ችግሩ ጓደኛዬ ፊልሙ ሙሉውን ሙዚቃ ካልሆነ ይለኛል። ልጅቷ ውኃ ስትቀዳ ዋሽንት፣ በር ስትዘጋም ዋሽንት! ሰሞኑን ደግሞ ኬንያ የተቀረጸውን "ዘ ኮንስታንት ጋርድነር" አየሁና ሙዚቃው አልለቅ አለኝ። ክራር የሚመስል ነገር አለው። የሠራው ስፔናዊ ነው አሉኝ። ሰውዬው እንዴት ነው እዚህ የደረሰው?

ኤዲተሩ (ባሕር ዳር)፦
የሰማኸው ኒያቲቲ ነው፣ በኬንያ የሉኦ ሕዝብ ባለ 8 ክር መሣሪያ። ለክራርም ለበገናም ዘመድ ነው። የሚጫወተው ኬንያዊው አዩብ ኦጋዳ ነው፤ "ኮትቢሮ" የሚለው ዘፈንም የራሱ ነው። ኢግሌሲያስን የምወድለት እዚህ ላይ ነው፤ ኒያቲቲውን በቫዮሊን መዓት አልቀበረውም።

ሰውዬው በ1955 (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው) ሳን ሴባስቲያን ተወለደ። ፓሪስ ተምሯል፤ ባርሴሎና ደግሞ የኤሌክትሮኒክ ሙዚቃ ስቱዲዮ ገብቷል። ስሙ በደንብ የተነሳው ግን ከከተማው ልጅ ከዳይሬክተሩ ሁሊዮ ሜደም ጋር ገጥሞ "ባካስ" የሚለውን ፊልም በ1992 ሲሠራ ነው። ያኔ ወደ አርባው ተጠግቷል። በጎን ለዳንስ አቀናባሪው ናቾ ዱዋቶ የዳንስ ሙዚቃ ይጽፍ ነበር። በ1995 ስፔናዊው ዳይሬክተር አልሞዶቫር ጠራው፤ ይኸው በ2024 እስከ ወጣው "ዘ ሩም ኔክስት ዶር" ድረስ አልተለያዩም። የስፔኑን ጎያ ሽልማት ከ10 ጊዜ በላይ ወስዷል። ለኦስካር 4 ጊዜ ታጭቶ አንዱንም አላገኘም፤ ለእኔ አንዱ ይገባው ነበር።

ለጓደኛህ ኢግሌሲያስ ሙዚቃውን የሠራለትን "ቲንከር ቴይለር ሶልጀር ስፓይ" የሚለውን ፊልም አሳየው። ሰላዮቹ ክፍል ውስጥ ዝም ብለው ይፋጠጣሉ፤ ሙዚቃው ቀስ ብሎ ይገባል፣ ሳታውቀው ይወጣል። ከዚያ አንተና እሱ ፊልሙን ያለ ሙዚቃ እዩት። ሙዚቃው የሚገባበትንና የሚወጣበትን ሰከንድ እየጻፋችሁ፣ እየተጨቃጨቃችሁም ቢሆን። የውኃዋን ትዕይንት ተዋት። ጀሪካን ሲሞላ ድምፁ እየቀጠነ ይሄዳል፤ እሱን በደንብ ቅዱት፣ ይበቃል።

የዳንግላው፦
ጋሼ ያሉት ልክ ነው፤ ግን አልሞዶቫርን ከየት እናምጣው? እኛ ጋ ዳይሬክተሩ አንድ ፊልም ሠርቶ በርበሬ ንግድ ይገባል። ወንድሜ፣ ገንዘቡን አስቀድመህ ተነጋገር። እኔ "ፊልሙ ሲሸጥ" ተብዬ ይኸው እየጠበቅኩ ነው።

ዋሽንቱ፦
ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። በሯን እኔም ትቻታለሁ። መጨረሻ ላይ ልጅቷ ከተማ ስትሄድ ብቻ በአንቺሆዬ ቅኝት ልገባ አስቤያለሁ። ትዝታማ ሁሉም የሚያደርገው ነው። ዳንግላ፣ ስለ ገንዘቡ ገና አፌን አልከፈትኩም፣ ጓደኛዬ ነዋ!

ኤዲተሩ፦
አንቺሆዬ ይሁን፣ ጥሩ አስበሃል። በስልክ ግን እንዳትቀዳው። ማይክ ተዋስና ከአፍህ ትንሽ ወደ ጎን አድርገው፤ ፊት ለፊት ከሆነ ትንፋሹ "ፍፍፍ" እያለ ያበላሽብሃል፣ ኋላ ደግሞ በኤዲቲንግ አይጠራም። ገንዘቡንም ዳንግላ እንዳለህ ነው፤ ጓደኛ ስለሆነ ነው ቀድሞ የሚነገረው።